ቤቱ ሲሸጥ መጀመሪያ የሚጠየቀው ማን ነው?
በዋሽንግተንና በአካባቢዋ የተከራዮችና የጎረቤቶች ትግል አጭር ታሪክ



በዚህ ዓመታዊ መጽሔታችን ብዙ ጊዜ የሚወጡት ጽሑፎች ስለ ትውልድ ከተማችን ናቸው፤ ስለ ትምህርት ቤቱ፣ ስለ ጤና ጣቢያው፣ ስለ ቀድሞ መምህሮቻችን። ዘንድሮ ዛሬ ስለምንኖርበት አካባቢ ልጽፍ የመረጥሁት ያለ ምክንያት አይደለም። ከአባሎቻችን ብዙዎቹ ኑሯቸው በዋሽንግተን ዲሲ፣ በሜሪላንድና በቨርጂኒያ ነው። ለትውልድ ከተማችን የምናዋጣው ገንዘብ የሚወጣው ደግሞ የቤት ኪራይ ከተከፈለ በኋላ ከሚተርፈው ነው። ኪራይ ሲጨምር መዋጮ ይቀንሳል፤ አባል ወደ ሩቅ ሰፈር ሲሄድ ከስብሰባ ይቀራል። ስለዚህ የቤት ጉዳይ የማኅበራችንም ጉዳይ ነው።

በእነዚህ አካባቢዎች አቅሙ ዝቅ ላለ ሰው የሚሆን ቤት ካለ፣ ከየት መጣ? አብዛኞቻችን «መንግሥት ሰጠ» ብለን እናልፋለን። የሰጠው መንግሥት መሆኑ እውነት ነው፤ እንዲሰጥ ያስገደዱት ግን ጎረቤታሞች ናቸው። ከዚህ በታች የምጠቅሳቸው ዓመተ ምሕረቶች በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ከተማዋ በ1970ዎቹ

ዋሽንግተን በ1950 ከ800,000 በላይ ነዋሪ ነበራት። በ1980 በተደረገው ቆጠራ ይህ ቁጥር ወደ 638,000 ገደማ ወርዶ ነበር። ነጮቹ ቤተሰቦች አዳዲስ አውራ ጎዳናዎችንና ርካሽ የቤት ብድርን ተከትለው ወደ ሜሪላንድና ቨርጂኒያ ወጡ። ጥቁር አሜሪካውያን ግን ለረጅም ጊዜ በውልና በባንክ ደንብ ታግደው ስለነበር በከተማዋ ቀሩ። በሚያዝያ 1968 ዶክተር ማርቲን ሉተር ኪንግ በተገደሉ ጊዜ 14ኛ ጎዳና፣ 7ኛ ጎዳናና ኤች ጎዳና ተቃጠሉ። የተቃጠሉት ቦታዎች ብዙዎቹ ለዓመታት ባዶ ቆዩ።

ከዚያ በኋላ የመጣው ብዙ ሰው ያልጠበቀው ነው። በ1970ዎቹ መጀመሪያ ገቢያቸው ደህና የሆነ ወጣቶች ወደ መሀል ከተማ መመለስ ጀመሩ። ለሥራ ቅርብ የሆኑ፣ ያረጁ ግን የሚያማምሩ ተያያዥ ቤቶች በርካሽ ይገኙ ነበር። አልሚዎች ቤቶቹን እየገዙ ተከራዩን እያስወጡ፣ አድሰው በብዙ እጥፍ ይሸጡ ጀመር። የአፓርትመንት ሕንፃዎችም ወደ ኮንዶሚኒየም ይለወጡ ነበር። ሃያና ሠላሳ ዓመት በአንድ ቤት የኖረ ሰው አንድ ቀን የመልቀቂያ ደብዳቤ በበሩ ሥር ያገኛል።

አቤት የሚባልበት በርም ገና አዲስ ነበር። ዋሽንግተን ለመቶ ዓመት ያህል የራሷ የተመረጠ ከንቲባና ምክር ቤት አልነበራትም፤ የምትተዳደረው በኮንግረስ ነበር። ራስን በራስ የማስተዳደር ሕግ የወጣው በ1973 ሲሆን የተመረጡት ከንቲባና ምክር ቤት ሥራ የጀመሩት በጥር 1975 ነው። ከዚያ በኋላ ለመጣው ሁሉ ይህ መሠረት ነው ብዬ አምናለሁ። ድምፅህን የሚፈልግ ተመራጭ ከሌለ በር ብታንኳኳ የሚከፍትልህ የለም።

አዳምስ ሞርጋን

ከአገር ቤት ቀድመው የመጡ ወገኖቻችን በደንብ የሚያውቁት ሰፈር ነው። ስሙ ራሱ ታሪክ አለው፤ አዳምስ የነጮች፣ ሞርጋን የጥቁሮች ትምህርት ቤቶች ነበሩ። በ1950ዎቹ የዘር መለያየት በትምህርት ቤት ሲቀር በሁለቱም ወገን ያሉ ነዋሪዎች አብረው ለመሥራት ተስማሙና የሁለቱን ትምህርት ቤቶች ስም ገጣጥመው ለሰፈሩ አወጡለት። በኋላም ከላቲን አሜሪካና ከአፍሪካ የመጡ ሰዎች ገቡበት።

በዚህ ሰፈር በ1970ዎቹ ሁለት ነገሮች ጎን ለጎን ተጀመሩ። አንደኛው ከቤተ ክርስቲያን ወጣ። ቸርች ኦቭ ዘ ሴቪየር የምትባል አነስተኛ ቤተ ክርስቲያን አባላት በ1973 ሪትዝና ሞዛርት የሚባሉ ሁለት ያረጁ የአፓርትመንት ሕንፃዎች ገዙ። በገንዘቡ በኩል የረዳቸው ኮለምቢያ የምትባለውን የሜሪላንድ ከተማ የገነባው ጄምስ ራውስ ነው። ሕንፃዎቹ ከ900 በላይ የደንብ ጥሰት የተመዘገበባቸው ነበሩ። ምእመናኑ ቅዳሜና እሑድ እየሄዱ ቆሻሻ ጠረጉ፣ ቧንቧ ጠገኑ፣ ግድግዳ ቀቡ። ድርጅቱን «ጁብሊ» ብለው ሰየሙት፤ የእኛው ኢዮቤልዩ ማለት ነው። በኦሪት ዘሌዋውያን በ50ኛው ዓመት መሬት ወደ ቀድሞ ባለቤቱ ይመለሳል የሚለውን የምናስታውስ ሰዎች ስሙ ለምን እንደተመረጠ አይጠፋንም። ጁብሊ እስከ ዛሬ በዚያው ሰፈር አነስተኛ ገቢ ላላቸው ቤተሰቦች ያከራያል። ራውስ ከባለቤቱ ጋር በ1982 በመላው አሜሪካ የዚህ ዓይነት ቤት የሚደግፍ ድርጅት ለማቋቋም የተነሣሣው ከዚህ ተምሮ ነው።

ሁለተኛው የተከራዮቹ ራሳቸው ትግል ነው። በ1972 የአዳምስ ሞርጋን ነዋሪዎች ማኅበር ተቋቁሞ ነበር። ማንኛውም የሰፈሩ ነዋሪ፣ ተከራይም ባለቤትም፣ የሚገባበትና በጠቅላላ ስብሰባ ድምፅ የሚሰጥበት ነበር። በ1976 በሲተን ጎዳና የሚኖሩ ተከራዮች ቤቶቻቸውን አንድ አልሚ መግዛቱንና መልቀቅ እንዳለባቸው ሰሙ። አብዛኞቹ ጥቁር አሜሪካውያን ናቸው፤ አንዳንዶቹ ለረጅም ዓመታት የኖሩበት ቤት ነው። በሌላ ሰፈር ቢሆን እያንዳንዱ ለብቻው ዕቃውን ጭኖ ይሄድ ነበር። እነዚህ ግን ማኅበሩ ስለነበራቸው ተሰበሰቡ፣ ጠበቃ ያዙ፣ በከተማው አዲስ የኪራይ ሕግ ውስጥ ለተከራይ ቅድሚያ የሚሰጥ አንቀጽ እንዳለ አውቀው ፍርድ ቤት ሄዱ። ክርክሩ ጊዜ ፈጀ። በመጨረሻ በስምምነት አልቆ በርካታዎቹ ቤተሰቦች ይኖሩባቸው የነበሩትን ቤቶች ራሳቸው ገዙ።

የሲተን ጎዳና ነገር በቤቶች ቁጥር ሲታይ ትንሽ ነው። ለምክር ቤቱ ግን አንድ ነገር አሳየ። ተከራይ ገንዘብ የለውም ተብሎ ይታሰብ እንጂ፣ ጊዜና ሕጋዊ መብት ካገኘ ገንዘቡን ሊያፈላልግ ይችላል። በሌሎች ሰፈሮችም ተከራዮች ይህንኑ መጠየቅ ጀመሩ። የኮንዶሚኒየም ለውጥ ለጊዜው እንዲታገድ፣ ሽማግሌዎች እንዳይባረሩ፣ ሕንፃ ሲሸጥ ተከራይ እንዲጠየቅ አቤቱታ በረከተ። ምክር ቤቱ አስቸኳይ ደንቦችን ደጋግሞ ካወጣ በኋላ በ1980 ቋሚውን ሕግ አጸደቀ።

ደብዳቤውና 45 ቀናት

የ1980ው ሕግ በአጭሩ ቶፓ ይባላል። ዲሲ የምትኖሩ አባላት ይህን ቃል ብትይዙት ይጠቅማችኋል። ባለቤቱ ሕንፃውን ለመሸጥ ሲያስብ መጀመሪያ ለተከራዮቹ በጽሑፍ ማቅረብ አለበት። አምስትና ከዚያ በላይ ቤት ባለው ሕንፃ ተከራዮቹ እንደ አንድ አካል ለመግዛት ማኅበር መመሥረት ይጠበቅባቸዋል። ማኅበር መሥርቶ ፍላጎትን በጽሑፍ ለማሳወቅ የሚሰጠው ጊዜ 45 ቀን ነው። ማኅበሩ ሰው ካለባቸው ቤቶች ከግማሽ በላይ የሆኑትን አባ ወራዎችና እማ ወራዎች መያዝ አለበት፤ 20 ቤት ባለው ሕንፃ ለምሳሌ የ11 ቤት ሰው መፈረም ይኖርበታል። ከዚያ ለድርድር ቢያንስ 120 ቀን ይሰጣል፤ ገንዘብ ለማፈላለግ ደግሞ ሌላ 120 ቀን፣ አበዳሪ ደብዳቤ ከጻፈ ከዚያም የሚረዝም ጊዜ። ባለቤቱ ከዋጋው ከ5 በመቶ በላይ ቀብድ መጠየቅ አይችልም። ተከራዮቹ መግዛት ባይችሉ እንኳ መብታቸውን ለሌላ ገዢ አስተላልፈው ኪራዩ ለዓመታት እንዳይጨምር፣ ጣሪያው እንዲታደስ፣ ማንም እንዳይባረር መደራደር ይችላሉ። ብዙ ጊዜ የሚሆነውም ይሄኛው ነው።

ከገዙ ደግሞ አንዱ መንገድ የኅብረት ሥራ ቤት ነው። ነዋሪው ቤቱን ሳይሆን በማኅበሩ ውስጥ ያለ ድርሻ በትንሽ ገንዘብ ይገዛል፤ በየወሩ የሚከፍለው ለጋራው ብድርና ለጥገና ነው። ሲለቅ ግን ድርሻውን በገበያ ዋጋ መሸጥ አይችልም፤ የከፈለውንና ትንሽ ጭማሪ ወስዶ ይወጣል። ስለዚህ ቀጥሎ የሚገባውም ሰው በርካሽ ይገባል። ዛሬ በዲሲ ወደ 100 የሚጠጉ እንዲህ ያሉ ማኅበራት ከ4,000 በላይ ቤቶችን ይዘው ይገኛሉ። የእኛ ሰው ይህን ዓይነት ቤት እንደማይወድ አውቃለሁ። «በትርፍ የማልሸጠው ምን ዓይነት ቤት ነው?» ይላል፤ ቤት ለልጅ የሚተላለፍ ጥሪት ነው ብሎ ያደገ ሰው እንዲህ ማለቱ አያስደንቅም። ሆኖም በመሀል ዋሽንግተን፣ በሥራው አጠገብ፣ ለ30 ዓመት ማንም ሳያስነሣው ልጆቹን ያሳደገ የታክሲ ሾፌር የተጠቀመው ቀላል ነው አልልም።

መብቱ ያለ ገንዘብ ባዶ ነው፤ ተከራዮቹም ይህን ቶሎ ተረዱት። በ1988 ከተማው የቤት ግንባታ ፈንድ አቋቋመ። ፈንዱ ለዓመታት ባዶ ከረጢት ሆኖ ከቆየ በኋላ የቤት መብት ድርጅቶች ጎትጉተው ከንብረት ዝውውር ግብር 15 በመቶው በሕግ እንዲገባለት አደረጉ። ከ2015 ጀምሮ በዓመት 100 ሚሊዮን ዶላር ይመደብለት ተባለ። ተከራዮች ሕንፃቸውን ሲገዙ ብድር የሚሰጣቸው አንዱ ይህ ፈንድ ነው።

ሕጉ እንከን የለውም እያልሁ አይደለም። ባለቤቶች የሚያነሡት ቅሬታ ነበር፤ ትክክልም ነበር። በነጠላ ቤት ውስጥ ቤዝመንት የተከራየ ሰው መብቱን ለነጋዴ እየሸጠ ባለቤቱን ለወራት ያንጠለጥለው ነበር። ቤት ገዝተው ምድር ቤቱን ያከራዩ ወገኖቻችንም በዚህ የተቸገሩ ነበሩ። በ2018 ምክር ቤቱ ነጠላ ቤቶችን ከሕጉ አወጣ። በ2025 ደግሞ ሕጉን የበለጠ አጥብቦ አዲስ የተሠሩ ሕንፃዎችን ከመጀመሪያዎቹ ዓመታት ነፃ አደረገ። የመጀመሪያው ማስተካከያ ተገቢ ነበር እላለሁ። ሁለተኛው ግን በአዳዲሶቹ ትልልቅ ሕንፃዎች የሚኖረውን ተከራይ ድርድር አልባ አድርጎታል።

የእኛ ሰው የት ነበር?

ቶፓ የወጣበት 1980 የአሜሪካ የስደተኞች ሕግ የወጣበትም ዓመት ነው። ከአብዮቱ በኋላ በሱዳንና በሌሎች አገሮች የቆዩ ኢትዮጵያውያን በብዛት መምጣት የጀመሩት ከዚያ ወዲህ ነው። ከእነርሱ በፊት የመጡ ተማሪዎችና ዲፕሎማቶች ነበሩ፤ በ1978 በጆርጂያ ጎዳና የተከፈተው የማማ ደስታ ምግብ ቤትም ነበር። አዲስ መጤዎቹ ያረፉት ኪራይ ርካሽ በሆነበት በአዳምስ ሞርጋንና በአካባቢው ነው። 18ኛ ጎዳና የምግብ ቤቶቻችን ጎዳና ሆነ። ኪራዩ ሲወደድ ንግዱ ወደ ዩ ጎዳናና 9ኛ ጎዳና ወረደ። እዚያ በ1968 ከተቃጠለ በኋላ የተጎዳ ሰፈር ነበር፤ የሜትሮ ጣቢያው በ1991 እስኪከፈት ድረስም ቁፋሮው ነጋዴውን ሲያስመርር ኖሯል። በ2005 አካባቢውን «ትንሿ ኢትዮጵያ» ለማሰኘት ጥያቄ ሲቀርብ የቆዩ ጥቁር አሜሪካውያን ነዋሪዎች ተቃወሙ። ያን ጊዜ ብዙዎቻችን ቅር ብሎን ነበር። ታሪኩን ካነበብሁ በኋላ ግን ነገሩ በሌላ ዓይን ታየኝ፤ ከነጭ ገዢ ጋር ለ30 ዓመት ሲታገሉ የኖሩበትን ሰፈር ስም ነበር የጠየቅናቸው። ብዙም ሳይቆይ ኪራዩ እነርሱንም እኛንም አስወጣ። የእኛ ሰው ወደ ሲልቨር ስፕሪንግና አሌክሳንድሪያ አመራ።

በእነዚህ ሁሉ ዓመታት የእኛ ሰው ሰው አልባ አልነበረም። ዕድር አለን፣ ዕቁብ አለን፣ ቤተ ክርስቲያንና መስጊድ አለን፣ የትውልድ ከተማ ማኅበርም አለን። ሌላው ስደተኛ የሚቀናበት ነው። ነገር ግን የምንተዋወቀው በትውልድ ቦታና በእምነት እንጂ በምንኖርበት ሕንፃ አይደለም። ሦስተኛ ፎቅ ላይ ያለችውን ሳልቫዶራዊት በአሳንሰር ሰላም ብለን እናልፋለን፤ ስሟን አናውቅም። ቶፓ ደግሞ የሚጠይቀው ከሕንፃው ከግማሽ በላይ የሆነ ሰው ፊርማ በ45 ቀን ነው። ቀድሞ የማይተዋወቅ ሕንፃ በ45 ቀን ውስጥ ሊተዋወቅም ሊተማመንም አይችልም። የሲተን ጎዳና ሰዎች ያሸነፉት ደብዳቤው ሳይመጣ ማኅበር ስለነበራቸው ነው።

በቋንቋ በኩል የተገኘ ድል ግን አለ። በ2004 ዲሲ የቋንቋ ተደራሽነት ሕግ አወጣች፤ የተለያዩ የስደተኛ ማኅበረሰቦች አብረው የጠየቁት ሕግ ነው። አማርኛ የከተማው ቢሮዎች ከሚያገለግሉባቸው ቋንቋዎች አንዱ ሆነ። የቤት ክፍል ሄዶ በአማርኛ አስተርጓሚ መጠየቅ መብት ነው። የባለቤቱ ደብዳቤ ግን ከመንግሥት ቢሮ የሚወጣ ስላልሆነ፣ ሊገባን በማይችል እንግሊዝኛ የተጻፈ ወፍራም ፖስታ ሲመጣ ከማስታወቂያ ጋር ቀላቅሎ መጣል የተለመደ ነው። ቀኑ መቆጠር የሚጀምረው ግን ከዚያ ነው።

ከወንዙ ማዶ በአሌክሳንድሪያ የሆነው ነገር ልዩነቱን ያሳያል። ሳውዘርን ታወርስ የሚባሉትን አምስት ሕንፃዎች የማያውቅ አባል ያለ አይመስለኝም። ከ2,300 በላይ አፓርትመንቶች አሏቸው፤ ከነዋሪዎቹ እጅግ ብዙዎቹ ከኢትዮጵያና ከሌሎች የአፍሪካ አገሮች የመጡ ናቸው። በ2020፣ በኮቪድ መሀል፣ ሕንፃዎቹ ከ500 ሚሊዮን ዶላር በላይ ተሸጡ። በቨርጂኒያ ቶፓ የለም፤ ኪራይ እንዲወሰን ከተማው ቢፈልግ እንኳ ያለ ክፍለ ሀገሩ ፈቃድ ሕግ ማውጣት አይችልም። ስለዚህ ማንም ተከራዮቹን አልጠየቀም። ነዋሪዎቹ ግን ዝም አላሉም። የታክሲና የሆቴል ሥራ በተዘጋበት ጊዜ በአፍሪካን ኮሚዩኒቲስ ቱጌዘር አማካይነት ተደራጅተው የኪራይ ምሕረት ጠየቁ፣ ሰልፍ ወጡ፣ የከተማው ምክር ቤት ፊት ቀረቡ። እኔ እንደማየው በአሜሪካ የኢትዮጵያውያን ታሪክ ውስጥ ይህ ከሚመዘገቡት ነገሮች አንዱ ነው፤ የፓርቲ ሰልፍ ሳይሆን ስለሚኖሩበት ቤት የተደረገ ነውና።

ሞንትጎመሪ ካውንቲ፤ በአንድ ጎዳና ላይ የተለያየ ቤት

ወደ ሲልቨር ስፕሪንግ የሄዱት ወገኖቻችን ሌላ ታሪክ ውስጥ ገቡ። ኤምፒዲዩ የሚባለውን ነገር ብዙዎች ያውቁታል። ኮርስ ይወሰዳል፣ ምስክር ወረቀት ይያዛል፣ ከዚያ ዕጣ ይጠበቃል፤ ዕጣው የወጣለት ታውንሃውሱን ከገበያው በጣም ባነሰ ዋጋ ይገዛል። ከአባሎቻችን በዚህ መንገድ ቤት የገዙ አሉ። ይህን ማን እንዳመጣው ግን ብዙም አልሰማሁም።

በ1960ዎቹ ሞንትጎመሪ የእርሻ መሬቱ በፍጥነት ወደ መኖሪያነት እየተለወጠ ነበር። የሚሠራው ግን ባለ ሰፊ ግቢ ትልቅ ቤት ብቻ ነው። አስተማሪው፣ ፖሊሱ፣ የሱቅ ሠራተኛው በሚሠራበት ካውንቲ መኖር አልቻለም። የሴቶች መራጮች ሊግ የሚባለው የበጎ ፈቃደኞች ማኅበርና የሜሪላንድ ዳር ከተሞች የፍትሐዊ ቤት ማኅበር ጉዳዩን ያዙት። ጥያቄያቸው ለየት ያለ ነበር፤ ለድሆች ለብቻው ሰፈር ይሠራ አላሉም። እያንዳንዱ ትልቅ አልሚ በሚሠራው ሰፈር ውስጥ የተወሰነውን መካከለኛ ገቢ ላለው ሰው ይሥራ አሉ።

ከፖቶማክ ማዶ ፌርፋክስ ካውንቲ ይህንኑ በ1971 ሞክሮት ነበር። በ1973 የቨርጂኒያ ጠቅላይ ፍርድ ቤት የባለንብረትን ሀብት ያለ ካሳ መውሰድ ነው ብሎ ሻረው። የሞንትጎመሪ ሰዎች ከዚህ ተማሩ። አልሚው ቤት በርካሽ እንዲሸጥ ሲታዘዝ በምትኩ በዚያው መሬት ላይ ከተፈቀደው በላይ እስከ 20 በመቶ ተጨማሪ ቤት እንዲሠራ ይፈቀድለት አሉ። ሰጥቶ መቀበል ነው። የካውንቲው አስተዳዳሪ ሕጉን በቪቶ ቢያግደውም ምክር ቤቱ ቪቶውን ሽሮ አጸደቀው፤ በ1974 ሥራ ላይ ዋለ። 50ና ከዚያ በላይ ቤት በሚሠራበት ቦታ 15 በመቶው ለመካከለኛ ገቢ እንዲሆን አዘዘ። በአሜሪካ ጸንተው ከቆዩት እንዲህ ካሉ ሕጎች ቀዳሚው ነው፤ በኋላ ብዙ ከተሞች ገልብጠውታል። እስከ ዛሬ ከ10,000 በላይ ቤቶች ተሠርተውበታል። ከቤቶቹ አንድ ሦስተኛውን ያህል የካውንቲው የቤቶች ኮሚሽን ገዝቶ በጣም ዝቅተኛ ገቢ ላላቸው ማከራየት ይችላል።

ይህ የመጨረሻው ነገር ለወላጆች ትልቅ ትርጉም አለው። ኮሚሽኑ የሚያከራያቸው ቤተሰቦች የሚደርሳቸውን ቤት የሚወስነው ዕጣ ስለሆነ፣ ልጆቻቸው አንዳንዶቹ ሀብታም ልጆች ያሉበት፣ አንዳንዶቹ ድሆች የበዙበት ትምህርት ቤት ይገባሉ። ሄዘር ሽዋርትዝ የምትባል ተመራማሪ ከ800 በላይ የሆኑ እንዲህ ያሉ ልጆችን ከ2001 እስከ 2007 ተከታትላ ውጤቱን በ2010 አወጣች። ድሆች ባልበዙበት ትምህርት ቤት የገቡት አንደኛ ደረጃን ሲጨርሱ በሒሳብ ከሌሎች ተማሪዎች ጋር የነበራቸውን ልዩነት በግማሽ ያህል አጥብበው ተገኙ። ካውንቲው በዚያ ጊዜ ለድሃ ትምህርት ቤቶች ተጨማሪ ገንዘብ ይሰጥ ነበር፤ ቢሆንም የበለጠ የረዳቸው ድሆች ያልበዙበት ትምህርት ቤት መግባታቸው ነው።

የዓመታቱ ጉዳይ

የሞንትጎመሪ ሕግ ሲወጣ አንድ ነገር በቀላሉ ታለፈ። ርካሹ ቤት በርካሽነቱ የሚቆየው ለስንት ዓመት ነው? በመጀመሪያ 5 ዓመት ተባለ። ከ5 ዓመት በኋላ ባለቤቱ በገበያ ዋጋ መሸጥ ይችላል። በኋላ 10 ዓመት ሆነ። ለመጀመሪያው ገዢ መልካም ነው፤ ሀብት አፈራበት። ለሚቀጥለው ቤተሰብ ግን ቤቱ የለም። በዚህ ምክንያት ባለፉት አሥርት ዓመታት ከተሠሩት በሺህ ከሚቆጠሩት ቤቶች አብዛኞቹ ከሕጉ ወጥተዋል። ነገሩ የተስተካከለው በ2005 ነው፤ ለሚሸጥ ቤት 30 ዓመት፣ ለሚከራይ 99 ዓመት ሆነ። በ30 ዓመቱ ውስጥ ከተሸጠ ቁጥሩ እንደገና ከአንድ ይጀምራል። በጊዜው አንዳንድ ባለቤቶች አልወደዱትም። በእኔ አስተያየት ግን ከ1974 ወዲህ በሕጉ ላይ ከተደረጉት ለውጦች ሁሉ የበለጠው ይሄ ነው።

ከዚያ ወዲህ ካውንቲው አልቆመም። ተከራዮችና ደጋፊዎቻቸው ለብዙ ወራት ምክር ቤቱን አጨናንቀው በሐምሌ 2023 የኪራይ ጭማሪ ጣሪያ አስወጡ። ጭማሪው በዓመት የኑሮ ውድነቱ መጠን ላይ 3 በመቶ ተደምሮ ነው፤ ከ6 በመቶ ግን አይበልጥም። አዲስ ሕንፃ ለ23 ዓመት ከዚህ ነፃ ነው። በ2025 ደግሞ በትልልቅ መንገዶች ዳር፣ ቀድሞ ነጠላ ቤት ብቻ በሚፈቀድበት ቦታ፣ ባለ ሁለትና ባለ ሦስት ቤት፣ ታውንሃውስና አነስተኛ አፓርትመንት እንዲሠራ ተፈቀደ። በዚህኛው ላይ የነበረው ክርክር መራራ ነበር። ነጠላ ቤት የገዙ ሰዎች፣ የእኛም ወገኖች ጭምር፣ የመኪና ማቆሚያ ይጠባል፣ ትምህርት ቤቱ ይጨናነቃል ብለው ፈሩ። ፍርሃታቸው ከንቱ ነው አልልም። ሆኖም ዛሬ ልጆቻቸው ሥራ ይዘው በዚያው አካባቢ ቤት መከራየት ያቃታቸውም እነዚሁ ወላጆች ናቸው።

በምክር ቤቶቹ የሕዝብ ውይይት ላይ ማንኛውም ነዋሪ ተመዝግቦ ጥቂት ደቂቃ መናገር ይችላል፤ በጽሑፍም መላክ ይቻላል፤ ዜግነት አይጠየቅም። የዓመቱ በጀት የሚወሰነው በጸደይ ወራት ስለሆነ ስለ ቤት ፈንዱ የሚነገረውም ያን ጊዜ ነው። በሞንትጎመሪ በ2005ቱ ደንብ ለ30 ዓመት ከታሰሩት ቤቶች ውስጥ ባለቤት ሳይቀይሩ የቆዩት የመጀመሪያዎቹ ከሕጉ የሚወጡት በ2035 ነው።